መስታወቱ ውስጥ የመጣው ፊት የማን ነው?

ጥያቄ፦ «ዕድሜዬ 24 ነው። በራሴ በፈጠርኩት ዓለም ውስጥ የሚካሄድ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። በዚያ ዓለም ተራራ ላይ የሚኖሩ መናንያን አሉ። ከጥቁር ድንጋይ በተሠራ መስታወት ፊት ተቀምጠው ሰባት ሌሊት ሳይተኙ የራሳቸውን ፊት ያያሉ። ‹ሁለተኛው ፊት› የመጣለት ሰው ባለ ራእይ ይሆናል። ስሜቱን ለማወቅ ብዬ ባለፈው ሳምንት መብራት በጠፋበት ሌሊት እኔም ሞከርኩት። በርና መስኮት ዘጋሁ፤ ከሰል አቀጣጥዬ ዕጣን አጨስኩ፤ ሻማ ከጎኔ አድርጌ መስታወት ፊት 40 ደቂቃ ያህል ተቀመጥኩ። መጀመሪያ አንድ ዓይኔ ጠፋ። ከዚያ ፊቴ አረጀ። በመጨረሻ የሞተችውን አያቴን አየኋት። ስነሳ አዞረኝ፣ ራሴን አመመኝ፣ አቅለሸለሸኝ። አያቴ ‹በሌሊት መስታወት አይታይም› ትለኝ ነበር። አሁን መስታወቱን በነጠላ ሸፍኜዋለሁ። ያየሁት ምንድን ነው? አእምሮዬ ላይ ችግር አለ ማለት ነው? እንዲህ ያለ ልማድ በእውነተኛው ዓለም ነበር? ለመጽሐፌ ስል ደግሜ ልሞክረው?»

ምላሽ፦

ከከሰሉ ልጀምር። መስታወቱ ይቆየን። በተዘጋ ክፍል ውስጥ ከሰል አቀጣጥለሽ 40 ደቂቃ ተቀምጠሻል። ስትነሺ አዙሮሻል፣ ራስሽን አሞሻል፣ አቅለሽልሾሻል። እነዚህ ሦስቱ ከከሰል ጋር አብረው ሲመጡ መጀመሪያ የሚጠረጠረው ካርቦን ሞኖክሳይድ ነው። ይህ ጋዝ ቀለም የለውም፣ ሽታም የለውም። ደም ውስጥ ገብቶ ኦክስጅን የሚሸከመውን ሄሞግሎቢን ይይዘዋል፤ አያያዙም ከኦክስጅን ከ200 ጊዜ በላይ ይጠብቃል። ብዙ ሰው ከሰሉ ጢሱን ጨርሶ ፍም ሲሆን «አሁን ደህና ነው» ብሎ ወደ ክፍል ያስገባዋል። ይህ ስህተት ነው። ጢሱ ቢያልቅም ጋዙ መውጣቱን አይተውም። ለብርድ ብለው ከሰል አስገብተው በዚያው የቀሩ ሰዎችን ታሪክ ሁላችንም ሰምተናል።

ይህ ጋዝ «መንፈስ ታየኝ» ከሚለው ወሬ ጋርም የቆየ ዝምድና አለው። እ.ኤ.አ. በ1921 ዊልያም ዊልመር የሚባል አሜሪካዊ የዓይን ሐኪም በአንድ የሕክምና መጽሔት ላይ የአንድ ቤተሰብን ታሪክ አሳትሞ ነበር። ቤተሰቡ በገባበት ቤት ውስጥ ኮቴ ይሰማል፣ እንግዳ ሰዎች ይታያሉ፣ ልጆቹ ገርጥተዋል፣ ቤት ውስጥ ያለው ተክል ይጠወልጋል። ሲፈተሽ ቤቱን የሚያሞቀው ምድጃ ተበላሽቶ ጋዙን ወደ ክፍሎቹ ይለቅ ነበር። ስለዚህ የመጀመሪያው ነገር ይህ ነው፤ ዝግ ክፍል ውስጥ ከሰል ሁለተኛ እንዳታስገቢ። ለዕጣንም ቢሆን፣ ለቡናም ቢሆን መስኮት ይከፈት። ራስ ምታቱ እስካሁን ካልለቀቀሽ ጤና ጣቢያ ሂጂ። ስትሄጂም የከሰሉን ነገር ሳትደብቂ ንገሪያቸው።

ፊቱን ግን ያመጣው ከሰሉ ነው ብዬ አላምንም። ንጹሕ አየር ባለበት ክፍል ውስጥ ብትቀመጪም ሊመጣ ይችል ነበር። ይህን የምልሽ ነገሩ ከተለካ ስለቆየ ነው።

የጣሊያኑ ኡርቢኖ ዩኒቨርሲቲ የሥነ ልቦና ተመራማሪ ጆቫኒ ካፑቶ እ.ኤ.አ. በ2010 ባሳተመው ጥናት 50 ጤነኛ ሰዎችን አንድ በአንድ መስታወት ፊት አስቀመጠ። ክፍሉ ደብዛዛ ነው። 25 ዋት አምፖል ከተቀማጩ ጀርባ በርቷል፤ አምፖሉ ራሱ መስታወቱ ውስጥ አይታይም። ከፊት እስከ መስታወት 40 ሳንቲ ሜትር ነው። የተባሉት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ፊታችሁን ተመልከቱ። 10 ደቂቃ ሲሞላ ያዩትን ተናገሩ። ከመቶ 66ቱ ፊታቸው ክፉኛ ሲዛባ አይተዋል። ከመቶ 28ቱ የማያውቁት ሰው መጥቶባቸዋል። ሌሎች 28 ከመቶ አሮጊት፣ ሕፃን ወይም የቀድሞ ዘመን ሰው የመሰለ ፊት አይተዋል። ከመቶ 18ቱ እንደ ድመት፣ አሳማና አንበሳ ያለ የእንስሳ ፊት አይተዋል። ከመቶ 48ቱ ደግሞ ጭራቅ ወይም ሌላ የምናብ ፍጡር አይተዋል። ለአንቺ የሚቀርበው ግን ሌላ ቁጥር ነው። ከመቶ 18ቱ የወላጃቸውን ፊት አይተዋል፤ ከእነዚህም በሕይወት የሌለ ወላጅ ያዩ ነበሩ። አንድ ሰው ከአንድ በላይ ፊት ሊያይ ስለሚችል ቁጥሮቹ ሲደመሩ ከመቶ ያልፋሉ።

እንግዲህ «አእምሮዬ ላይ ችግር አለ?» ላልሽው መልሱ የለም ነው። ጤነኛ ሰው በደብዛዛ ብርሃን ፊቱን ትክ ብሎ ካየ አብዛኛውን ጊዜ አንድ ነገር ይመጣበታል። ምንም ያላየ ሰው ቢጠይቀኝ ይበልጥ ይገርመኝ ነበር።

እንዴት እንደሚሆን ልንገርሽ። ጣትሽ ላይ ያለውን ቀለበት አሁን እስካነሳሁብሽ ድረስ አልተሰማሽም። ነርቮች የማይለወጥ ነገርን መናገር ይሰለቻቸዋል። ዓይንም እንደዚያው ነው። አንድ ነጥብ ላይ ስናፈጥ ዙሪያው ያለው ነገር እየደበዘዘ ይጠፋል፤ የጠፋበትንም ቦታ አእምሮ በአካባቢው ቀለም ይሞላዋል። ይህን እ.ኤ.አ. በ1804 የገለጸው ኢግናዝ ትሮክስለር የሚባል የስዊስ ሐኪም ነው። አሁን ቀን ላይ ልትሞክሪው ትችያለሽ። ነጭ ወረቀት ላይ ትንሽ ነጥብ አድርጊ። ከነጥቧ ራቅ አድርገሽ በእርሳስ ቀለል ያለ ጥላ ቀቢና ጠርዙን በጣትሽ አሽተሽ አደብዝዢው። ነጥቧን ብቻ ሳትነቃነቂ እዪ። ብዙም ሳትቆዪ ጥላው ወረቀት ይሆናል። ዓይንሽን ስታርገበግቢ ይመለሳል። የጠፋብሽ ዓይን የሄደው ወደዚያ ነው። እኔ የሞከርኩት ቀን መጀመሪያ የጠፋው ግራ ጆሮዬ ነበር፤ ቀጥሎ አገጬ። ምክንያቱን እያወቅኩም ልቤ ዘሎ ነበር። እና መደንገጥሽ ትክክል ነው።

የብርሃኑ ጉዳይም አለ። ዓይናችን ሁለት ዓይነት ብርሃን ተቀባይ ህዋሳት አሉት። ቀለምንና ረቂቁን ነገር የሚያዩት መሃል ላይ ተሰብስበው ይገኛሉ፤ ብዙ ብርሃንም ይፈልጋሉ። ለጨለማ የተሠሩት ደግሞ ቀለም አይለዩም፣ መሃል ላይም የሉም። ስለዚህ በደብዛዛ ብርሃን በቀጥታ የምታዪው ነገር ራሱ ያልጠራ ነው። ሻማው ሲወዛወዝ ጥላው ይንቀሳቀሳል። ቅንድብሽ ሥር ያለው ጥላ ሲጠልቅ ፊትሽ ያረጃል።

እስከዚህ ድረስ ያወራሁት ስለ መጥፋት ነው። የሌላ ሰው ፊት ከየት ይመጣል? አእምሯችን ፊት ለማግኘት እጅግ ይቸኩላል። ለዚሁ ሥራ የተለየ ክፍል አለው፤ ከዓይን ርቆ፣ ወደ ጆሮ አካባቢ ባለው የአንጎል ክፍል ሥር። በደመና ላይ ፊት የሚያሳየን፣ የሚኒባስ መብራቶችን ዓይን የሚያስመስልብን እሱ ነው። መስታወት ፊት ስትቀመጪ ይህ ክፍል የተሰባበረ መረጃ ይደርሰዋል፤ ግማሽ አፍንጫ፣ አንድ ዓይን፣ ጥላ። ዝም ብሎ አይቀመጥም። ያሉትን ቁርጥራጮች ይዞ ከሚያውቃቸው ፊቶች አንዱን ይገጥማል።

ለምን አያትሽ? የእኔ አስተያየት ይህ ነው። የአንቺ ፊት ውስጥ የእሷ አጥንት አለ። የግንባር ስፋት፣ የጉንጭ አጥንት፣ የዓይን አቀማመጥ ይወረሳል። ወጣትነትሽን የሚያሳየው ረቂቁ ነገር ሲደበዝዝ የሚቀረው ቅርጹ ነው። ቅርጹ ደግሞ የጋራችሁ ነው። በዚያ ላይ በዚያች ሌሊት የእሷ ማስጠንቀቂያ ጆሮሽ ላይ ነበር። እሷን ማየትሽ ከማንም ይልቅ የሚጠበቅ ነበር። ናፍቆትሽን ግን ይህ ማብራሪያ አያሳንሰውም። ነፍስ የት ናት የሚለውን ጥያቄም አይመልስም፤ እሱ የእምነትሽ ጥያቄ ነው። እኔ የምችለው የፊቱን መምጣት ብቻ ተመርኩዘሽ «አያቴ መጣች» ወይም «ክፉ መንፈስ ገባ» ብለሽ እንዳትወስኚ መንገር ነው። ማንንም ባላጡ ሰዎች ላይም ይመጣልና።

አሁን ወደ ልማዱ። ብዙ ሰው «የጥንት መነኮሳት በየአገሩ መስታወት እያዩ ይመሰጡ ነበር» ሲል እሰማለሁ። እንዲህ በጅምላ ከተባለ ስህተት ነው። በታሪክ የምናውቀው መስታወት ማየት አብዛኛው ጥንቆላ ነው፤ ተመስጦ አይደለም። ልዩነቱ ለመጽሐፍሽ ይጠቅምሻል። ጠንቋዩ መስታወቱን የሚጠይቀው ስለ ሌላ ነገር ነው፤ ስለ በሽተኛ፣ ስለ ጠፋ ዕቃ፣ ስለ ነገ። የተመስጦ ሰው ግን የሚፈልገው የሚያየውን ራሱን ነው።

ከጥንቆላው ወገን እኔን የሚማርከኝ የፓትራስ ምንጭ ነው። በሁለተኛው መቶ ክፍለ ዘመን ግሪክን ዞሮ የጻፈው ፓውሳንያስ እንደሚለው፣ በዚያ ከተማ በአዝመራ አምላኳ በዴሜጥር መቅደስ ፊት ምንጭ ነበር። ሰዎች መስታወትን በቀጭን ገመድ አስረው ቀስ ብለው ያወርዱታል። እንዲሰጥም አይለቁትም፤ ጠርዙ ብቻ ውኃውን ይነካል። ጸልየው፣ ዕጣን አጥነው መስታወቱን ያያሉ። በሽተኛው ይድን እንደሆነ ወይም ይሞት እንደሆነ ያሳያቸዋል። ለበሽተኛ ጉዳይ ብቻ እንጂ ለሌላ አይጠየቅም። ይህን ወሰን ልብ በይው። እውነተኛ ልማድ ወሰን አለው፤ ማን፣ መቼ፣ ለምን የሚል።

ስለ ጥቁሩ ድንጋይሽ ደግሞ ሳታውቂው ትክክለኛውን መርጠሻል። ሰው በእጁ ከሠራቸው መስታወቶች እጅግ ጥንታዊ ከሚባሉት መካከል በቱርክ ቻታልሆዩክ የተገኙት ይቆጠራሉ፤ ወደ 8,000 ዓመት ይጠጋቸዋል። የተሠሩት ከባልጩት፣ ማለትም ከእሳተ ገሞራ ከሚወጣው መስታወት መሰል ጥቁር ድንጋይ ነው። በሜክሲኮ የኖሩት አዝቴኮችም ባልጩት እያለሰለሱ መስታወት ይሠሩ ነበር። ከታላላቅ አማልክቶቻቸው የአንዱ የቴዝካትሊፖካ ስም «የሚጨስ መስታወት» ማለት ነው። የእንግሊዟ ንግሥት ቀዳማዊት ኤልሳቤጥ አማካሪ የነበረው ጆን ዲ እንደተጠቀመበት የሚነገርለት ጥቁር መስታወት ዛሬ ብሪቲሽ ሙዚየም ውስጥ አለ። እ.ኤ.አ. በ2021 የወጣ ጥናት ድንጋዩ ከሜክሲኮ፣ ከፓቹካ የመጣ መሆኑን አሳይቷል። ባልጩት ለእኛም ሩቅ አይደለም። ከአዲስ አበባ በስተደቡብ፣ በመልካ ቁንጥሬ አጠገብ፣ ባልጪት የሚባለው ቦታ የጥንት ሰዎች መሣሪያ የሚጠርቡበትን ይህንኑ ድንጋይ ያወጡበት ነው። ሄደሽ አንዱን ስባሪ ፀሐይ ላይ አይተሽ ብትመለሺ ከ40 ደቂቃ ሻማ ይልቅ ይጠቅምሻል።

ባልጩት ከሚያርፍበት ብርሃን የሚመልሰው ጥቂቱን ነው። ይህ ማለት መናንያንሽ ጨለማ ክፍል አያስፈልጋቸውም። ቀን በዋሻ አፍ ላይ ተቀምጠውም ፊታቸው እንደ ምሽት ደብዝዞ ይታያቸዋል። ድንጋዩ ራሱ ሌሊቱን ይሠራላቸዋል። ድሮ የነበረው የነሐስ መስታወትም ቢሆን እንደ ዛሬው የጠራ አልነበረም። ሐዋርያው ጳውሎስ ለቆሮንቶስ ሰዎች ሲጽፍ የመስታወትን እይታ ከድንግዝግዝ ጋር ያያያዘው በከንቱ አይደለም። የዛሬው በብር የተለበጠ ጥርት ያለ መስታወት የመጣው ገና በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ነው።

ከተመስጦው ወገን ለአንቺ የሚቀርበው በጃፓን ካማኩራ የሚገኘው ቶኬይጂ ነው። እ.ኤ.አ. በ1285 የተመሠረተ፣ ለብዙ መቶ ዓመታት የቡድሂስት ሴቶች ገዳም የነበረ ቦታ ነው። በገዳሙ ትውፊት መሥራቿ ካኩሳን ባሏ በሞተበት ጊዜ መንኩሳ በትልቅ መስታወት ፊት ትመሰጥ ነበር፤ ተከታዮቿም ይህንኑ ይዘው ቀጠሉ ይባላል። ሐዘንተኛ ሴት፣ መስታወት፣ ገዳም። ገጸ ባሕርይ ከፈለግሽ ከዚህ ተነሺ። በዚህ ወገን የሚመጣው ምስል ግብ አይደለም። ፊቱ ይመጣል፣ ፊቱ ይሄዳል፤ ሴትዮዋ የምትመለከተው መስታወቱ በማንኛቸውም እንደማይቆሽሽ ነው። በቲቤት ቡድሂስቶችም መምህሩ መስታወት አንሥቶ ለደቀ መዝሙሩ የሚያሳይበት ልማድ አለ፤ ትምህርቱ ይኸው ነው።

ከእኛ አገር የሚቀርብ ነገር ካስፈለገሽ ክታብን አስቢ። ብራናው በታማሚው ቁመት ልክ ይዘጋጃል። ትልልቅ ዓይኖች ይሣሉበታል። ታማሚው ዓይኖቹን ያያል፤ እሱን የያዘው ነገርም በእሱ ዓይን በኩል ያያቸውና ደንግጦ ይሸሻል ተብሎ ይታመናል። እዚህ ላይ ማየት መድኃኒት ነው። መስታወት አይደለም፤ ግን «ክፉ ነገር ሰው ላይ በዓይኑ በኩል ይገባበታል፣ በዓይኑ በኩልም ይወጣለታል» የሚለው ሐሳብ ለተራራሽ ሰዎች በደንብ የሚስማማ ይመስለኛል።

የሰባቱን ሌሊት ነገር ግን ቀይሪው። ረጅም ሲሆን ጥልቅ ይሆናል የሚለው ግምት አይሠራም። በካፑቶ ሙከራ ፊቱ መለዋወጥ የጀመረው ደቂቃ እንኳ ሳይሞላ ነው። 10 ደቂቃ ከበቂ በላይ ነበር። ሰባት ሌሊት ያልተኛ ሰው ደግሞ መስታወት አያስፈልገውም፤ እንቅልፍ ማጣቱ ብቻውን ግድግዳው ላይ ነገር ያሳየዋል። እንዲህ ከጻፍሽው አስተዋይ አንባቢ «ይህቺ ልጅ እንቅልፍ አጥታ ነው እንጂ ምን ራእይ አየች» ይልሻል። እኔ ብሆን ፈተናውን እገለብጠው ነበር። ሁለተኛው ፊት ለሁሉም በመጀመሪያው ምሽት ይምጣ። ከባዱ ነገር ፊቱ ከመጣ በኋላ ምን ማድረግ ነው። ከጀማሪዋ ጀርባ አንዲት አሮጊት መነኩሲት ትቀመጥ። ሥራዋ መስታወቱን ማየት አይደለም፤ የልጅቷን ትከሻና አተነፋፈስ ማየት ነው። ጊዜው ሲደርስ እጇን ትዘረጋና ድንጋዩን በጨርቅ ትሸፍናለች።

ይህን የምለው ለውበቱ ብቻ አይደለም። መስታወት ማየት የማይመቻቸው ሰዎች አሉ። ስኪዞፍሬኒያ ያለባቸው ታማሚዎች በዚሁ ሙከራ ከጤነኞቹ የበለጠ ብዙ ፊት አይተዋል፤ ያዩትም ይበልጥ እውነት መስሏቸዋል። ስለዚህ አንቺ ወይም የቅርብ ቤተሰብሽ እንዲህ ያለ ሕመም ካለበት፣ ወይም ከራስሽ ውጭ ሆነሽ ራስሽን የምታዪ የሚመስልሽ ጊዜ ካለ፣ አትንኪው። መልኳ ሁልጊዜ የሚያስጨንቃት ሴትም እንዲሁ። እ.ኤ.አ. በ2011 የታተመ ጥናት እንዳሳየው መልካቸው የማያስጨንቃቸው ሰዎች እንኳ 25 ሰከንድ መስታወት ሲያዩ ምንም አልሆኑም፤ 10 ደቂቃ ሲያዩ ግን ከፋቸው። በመልክ መጨነቅ ሕመም የሆነባቸው ደግሞ በ25 ሰከንዱም ተጎድተዋል።

ስለዚህ ምክሬ ግልጽ ነው፤ ብቻሽን አትድገሚው። ለመጽሐፉ የሚበቃሽን አይተሻል። የጠፋው ዓይን፣ ያረጀው ፊት፣ የልብሽ አመታት ሁሉ እጅሽ ላይ ነው፤ ሳይረሳሽ ዛሬውኑ ጻፊው። አይ፣ አንድ ጊዜ በደህና ሁኔታ ማየት አለብኝ ካልሽ ሐዘንሽ ትኩስ ባልሆነበትና በደንብ በተኛሽበት ቀን ይሁን። ከሰልም ሻማም አይኑር። ትንሽ አምፖል ከጀርባሽ ይብራ፣ መስኮት ይከፈት፣ ጓደኛሽ አጠገብሽ ትቀመጥ፣ ስልክ ላይ 10 ደቂቃ ይሞላ። ከፈራሽ ማርገብገብ፣ ራስን ማነቃነቅና መብራት ማብራት ይበቃል፤ ፊትሽ ወዲያው ይመለሳል። ከመስታወቱ ርቀሽ፣ በቀን ብርሃን፣ ፊቶች ከታዩሽ ወይም ድምፅ ከተሰማሽ ግን ነገሩ ሌላ ነው። ያኔ በአቅራቢያሽ ወዳለ ሆስፒታል የአእምሮ ሕክምና ክፍል ሳትውይ ሳታድሪ ሂጂ።

ነጠላውን ደግሞ ነገ ጠዋት አንሺው። መጋረጃውን ክፈቺ፣ ፀሐይ ይግባ፤ ፊትሽን ታጠቢና ፀጉርሽን አበጥሪበት። ከዚያ ብትፈልጊ የአያትሽን ፎቶ አውጥተሽ ከመስታወቱ ጎን አድርጊውና አስተያዪ። የጉንጭሽን አጥንት እዪ፤ ቅንድብሽ የሚጀምርበትን እዪ። በዚያች ሌሊት ያየሽው ምን እንደነበር እዚያው ታገኚዋለሽ።